መሪው ሲፈታ፣ መሪው ሲቆለፍ

የመኪና ገጽ፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

በዚህ ዕትም የመረጥናቸው ጥያቄዎች ሁሉ ስለ መሪ ናቸው። ገሚሱ ጠያቂ መሪውን መፍታት ይፈልጋል፤ ገሚሱ ደግሞ ሌባ እንዳይነዳበት መቆለፍ። ሁለቱም ሥራ የሚነካው ያንኑ አንድ የመሪ ዘንግ ስለሆነ አብረን አቅርበናቸዋል።

ጥያቄ፦ ክላክሴ ቀጥ ብዬ ስነዳ ይሠራል፣ መሪውን ስጠመዝዝ ይጠፋል። ሰሞኑን ደግሞ የኤርባጉ መብራት በርቶ ቀርቷል። መሪው መውጣት አለበት ተባልኩ። መፍቻ መያዝ የለመድኩ ሰው ነኝና ራሴ ብሠራውስ?

መልስ፦ የጻፉልን ምልክት ክሎክ ስፕሪንግ የሚባለውን ዕቃ ያስጠረጥራል። ከመሪው ጀርባ የሚቀመጥ ክብ ፕላስቲክ ነው፤ ውስጡ እንደ ልብስ ሰፊ ሜትር የተጠቀለለ ስስ ጠፍጣፋ ሽቦ አለ። መሪው ሲዞር ጥቅልሉ ይጠብቃል ወይም ይላላል። የኤርባጉም የክላክሱም ኤሌክትሪክ የሚያልፈው በእሱ ነው። ሽቦው አንድ ቦታ ላይ ከተሰነጠቀ መሪው በአንድ አቅጣጫ ሲዞር ይገናኛል፣ በሌላው ይለያያል። ክላክሱ ብቻውን ቢሆን ኖሮ መጀመሪያ ፊውዙንና ሪሌዩን ይዩ እንልዎ ነበር። ሁለቱ አብረው ከታመሙ ግን መሪው መውጣቱ አይቀርም።

ራስዎ ሊሠሩት ይችላሉ፤ ኤርባጉን እስከፈሩት ድረስ። በመሪው መሐል ካለው ሽፋን ጀርባ የተቀመጠው ነገር በትንሽ ኤሌክትሪክ ተቀጣጥሎ ከ50 ሚሊ ሰከንድ ባነሰ ጊዜ የሚነፋ ነው። ፊትዎ አጠገብ በስህተት ከፈነዳ አጥንት ይሰብራል፣ ዓይን ያጠፋል። ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራ መሪው ላይ ሳይሆን ባትሪው ላይ ነው።

መኪናውን ደልዳላ ቦታ፣ የፊት ጎማዎቹ ቀጥ እንዳሉ ያቁሙ። ሬዲዮዎ ባትሪ ሲነቀል ኮድ የሚጠይቅ ከሆነ ኮዱን አስቀድመው ይያዙ። ቁልፉን አጥፍተው የባትሪውን ኔጋቲቭ ገመድ ይፍቱና ተመልሶ እንዳይነካ በጨርቅ ጠቅልለው ወደ ጎን ያስሩት። ከዚያ ይጠብቁ። የኤርባጉ ኮምፒውተር ባትሪው ተነቅሎም ለተወሰነ ጊዜ ኤሌክትሪክ ይይዛል። አምራቾች የሚያዝዙት ጊዜ ከ90 ሰከንድ አንስቶ እስከ በርካታ ደቂቃ ይደርሳል፤ የመኪናዎን መመሪያ ካላገኙ 15 ደቂቃ ይጠብቁ።

አሁን ወደ መሪው። ከጀርባው ግራና ቀኝ ቀዳዳዎች ያገኛሉ። በብዙ መኪናዎች ውስጣቸው የኮከብ ቅርጽ ራስ ያለው ብሎን አለ፤ ቁጥር 30 ቶርክስ የሚፈታው ብዙ ነው። ብሎኑ ከቤቱ እንዳይወድቅ ተደርጎ የተሠራ ሊሆን ስለሚችል ላልቶ ዝም ብሎ መዞር ሲጀምር ይተዉት፤ ተጎትቶ እስኪወጣ አይታገሉ። አዳዲሶቹ ላይ ደግሞ ብሎን የለም፤ በቀዳዳው ቀጭን ካቻቢቴ አስገብተው የሞላ ሽቦውን ሲገፉት ሽፋኑ ጠቅ ብሎ ይለቃል። ሽፋኑን በዝግታ ወደራስዎ ያምጡት። ከኋላው ብዙውን ጊዜ ቢጫ የሆነ ሶኬት አለ። ሶኬቱ መሐሉ ላይ ትንሽ መቆለፊያ ምላስ ስላለው መጀመሪያ ምላሷን በካቻቢቴ ጫፍ ቀና ያድርጉ፣ ቀጥሎ ሶኬቱን ራሱን ይዘው ቀጥ አድርገው ይሳቡ። ሽቦውን ይዞ መጎተት ክልክል ነው።

የወጣውን ኤርባግ ሲሸከሙ የሚነፋው ፊቱ ከሰውነትዎ ወደ ውጭ ይዙር። ሲያስቀምጡት ደግሞ ፊቱ ወደ ላይ ይሁን። በግንባሩ ከደፉትና ቢፈነዳ ዕቃው ራሱ እንደ ድንጋይ ይወረወራል። ሙቀትና ብየዳ ካለበት ያርቁት፣ በመልቲሜትርም አይለኩት፤ ሜትሩ የሚልከው ኤሌክትሪክ ሊያቀጣጥለው ይችላል።

መሐሉ ላይ አሁን ዳዶው ይታያል፤ በአንዳንዱ መኪና ብሎን ነው። 17፣ 19፣ 21 ወይም 22 ቡሶላ ይዘው ይሞክሩት፤ ውስጠ ጥርስ ራስ ያለው ከሆነ ግን የራሱን መፍቻ ይፈልጋል። ዳዶውን ሲያላሉ መሪውን በሌላው እጅዎ አጥብቀው ይያዙ። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው፦ ቁልፉን ነቅሎ፣ መሪው ተቆልፎ ይይዝልኛል ብሎ መፍቻውን ይጫናል። የመሪ መቆለፊያዋ ምላስ ለዚያ ጉልበት አልተሠራችም፤ ትሰበራለች ወይም ትጣመማለች።

ዳዶው ሲላላ ሙሉ በሙሉ አያውጡት። ከዘንጉ ጫፍ እኩል እስኪሆን ድረስ ብቻ ይመልሱት። መሪው ከዘንጉ ጥርስ ጋር ተጣብቆ ስለሚቆይ ሲለቅ ድንገት ነው፤ ዳዶው ከሌለ ከነጉልበትዎ ፊትዎ ላይ ይመጣል። ከመሳብዎ በፊት ደግሞ በዘንጉ ጫፍና በመሪው ላይ በማይለቅ ቀለም አንድ ቀጥ ያለ መስመር ያስምሩ። ፋብሪካው ያስቀመጠው ምልክት ቢኖርም የእርስዎን ይጨምሩ።

ከዚያ መሪውን ግራና ቀኙን ይዘው አንዴ በዚህ፣ አንዴ በዚያ እያወዛወዙ ይሳቡ። እምቢ ካለ ፑለር (መንቀያ) ይጠቀሙ። የፑለሩ ሁለት ብሎኖች በመሪው ላይ ባሉት ጥርስ ባላቸው ቀዳዳዎች ይገባሉ፣ የመሐሉ ብሎን ዘንጉን ይገፋል። የጎኖቹ ብሎኖች በጥልቀት መግባት የለባቸውም፤ አራት አምስት ጥርስ ከያዙ ይበቃል። ቀዳዳው ወደ ጀርባ የተከፈተ ስለሆነ ረጅም ብሎን አልፎ ክሎክ ስፕሪንጉን ይበሳዋል።

በመዶሻ ዘንጉን መምታት ፈጽሞ አይሞከርም። የመሪ ዘንግ በግጭት ጊዜ ደረትዎን እንዳይወጋ ወደ ውስጥ እንዲታጠፍ ተደርጎ የተሠራ ነው፤ በብዙ መኪና ሁለቱን ክፍሎች የያዟቸው ትናንሽ የፕላስቲክ ቁራጮች ናቸው። በመዶሻ ከተሰበሩ ከውጭ ምንም አይታይም፤ መሪው ግን መንቀጥቀጥ ይጀምራል፣ ኩሽኔታውም ይጎዳል።

መሪው ሲወጣ ዳዶውን ፈተው ሽቦዎቹን በቀዳዳው በጥንቃቄ ያሳልፉ። አዲሱ ክሎክ ስፕሪንግ ፋብሪካው መሐሉ ላይ በፒን ወይም በፕላስተር አስሮ ይልከዋል፤ ቦታው እስኪገባ ድረስ እንዳይነኩት። አሮጌውን የሚመልሱ ከሆነ ደግሞ ገና መሪው እንደወጣ እንዳይዞር በፕላስተር ይሰሩት። ከዞረብዎ በቀስታ ወደ አንድ አቅጣጫ እስኪቆም ያዙሩትና ወደ ኋላ እየመለሱ ዙሩን ይቁጠሩ። በብዙዎቹ መሐሉ 2 ዙር ተኩል አካባቢ ላይ ነው፤ ቀስቶቹ ሲገጣጠሙ ያረጋግጣሉ። ይህን ቸል ያለ ሰው መኪናውን መጀመሪያ ሙሉ በሙሉ ሲያዞር ሽቦውን ይበጥሰዋል፤ አዲስ ገዝቶ በመጀመሪያው ቀን የሚጥል ብዙ ነው።

ሲመልሱ መስመሩን ከመስመሩ ያገናኙ። ዳዶውን በቶርክ መፍቻ (የማጥበቂያውን ጉልበት በሚለካ መፍቻ) ያጥብቁ፤ የብዙ መኪና ልክ ከ35 እስከ 50 ኒውተን ሜትር ነው፣ ከዚያ የሚበልጥም ስላለ የራስዎን ከጥገና መመሪያው ይውሰዱ። አንዳንድ አምራች ዳዶው ወይም ብሎኑ አንዴ ከተፈታ በአዲስ ይተካ ይላል፤ እንዲያ ካለ ይተኩት። የኤርባጉ ሶኬት ጠቅ ማለቱን በጆሮዎ ይስሙ፣ ምላሷንም ይጫኑ። ባትሪውን ሲያገናኙ ማንም ሰው ወንበሩ ላይ አይቀመጥ። ቁልፉንም መጀመሪያ ሲከፍቱ ከመሪው ፊት ሳይሆኑ፣ ከጎን እጅዎን ብቻ አስገብተው ያዙሩት። የኤርባጉ መብራት ጥቂት ሰከንድ በርቶ መጥፋት አለበት። በቆየ ብልሽት የተመዘገበ ኮድ ካለ ግን በማሽን እስኪጠፋ ድረስ በርቶ ሊቆይ ይችላል። ኤርባጉ ተነቅሎ ሳለ ቁልፉን ከከፈቱ ደግሞ አዲስ ኮድ ይጨምራሉ።

ጥያቄ፦ መሪውን ፈትቼ መልሻለሁ። አሁን ቀጥ ብዬ ስነዳ መሪው ወደ ቀኝ ያዘነብላል። ምልክት አላደረግኩም ነበር። የኢ.ኤስ.ሲ. (መኪናው እንዳይንሸራተት የሚቆጣጠረው ሥርዓት) መብራትም በርቷል።

መልስ፦ የዘንጉን ጥርስ ያስቡ። 36 ጥርስ ካለው አንድ ጥርስ መሳት ማለት 10 ዲግሪ መዛነፍ ማለት ነው፤ ይህ በዓይን በግልጽ ይታያል። መሪዎ ይህን ያህል ከዞረ ጥርስ ስተዋልና ባትሪውን ነቅለው፣ ጊዜውን ጠብቀው እንደገና ይፍቱት። መዛነፉ ሁለት ሦስት ዲግሪ ብቻ ከሆነ ግን ጥርስ በመቀየር አይስተካከልም። ያ የአላይመንት (የጎማ አቀማመጥ ማስተካከያ) ሥራ ነው፤ ባለሙያው የመሪ ክንዶቹን በሁለቱም በኩል እኩል በማዞር መሪውን መሐል ያመጣዋል። ክንዱን በአንድ በኩል ብቻ ካዞረው የጎማዎቹ አቀማመጥ ይበላሻል፣ ጎማም ይበላል።

የኢ.ኤስ.ሲ. መብራቱ የመሪውን ማዕዘን የሚያነበው ሴንሰር መሐሉን ስለሳተ ነው። በአንዳንድ መኪና ሞተር አስነስተው መሪውን እስከ መጨረሻው ግራ፣ እስከ መጨረሻው ቀኝ ሲያዞሩና ቀጥ ብለው ጥቂት ሲነዱ ይጠፋል። በሌላው ማሽን ይጠይቃል። መጀመሪያ መሪው በትክክል ይግባ እንጂ በተዛነፈ መሪ ላይ ሴንሰሩን ማስተማር ስህተቱን ማጽደቅ ነው።

ጥያቄ፦ ቁልፌ አንዳንዴ ገብቶ አይዞርም። መሪውም ተቆልፎ ነው የማገኘው።

መልስ፦ ጎማው ሲቆም ወደ ጎን ተጭኖ ከሆነ የመቆለፊያዋ ምላስ በዘንጉ ጎድጎድ ውስጥ ትነከሳለች። በአንድ እጅ መሪውን በጥቂቱ ወደ ሚላላው አቅጣጫ ገፋ፣ በሌላው ቁልፉን ቀስ አድርገው ያዙሩ። ቁልፉን በፒንሳ አያጥምዙ፤ ተሰብሮ ውስጥ ይቀራል። መሪው ነፃ ሆኖም እምቢ ካለ የተበላው ቁልፉ ወይም ሲሊንደሩ ነው። መለዋወጫ ቁልፍዎን ይሞክሩ፦ በእሱ የሚዞር ከሆነ ችግሩ ቁልፉ ላይ ነው።

ጥያቄ፦ የኳድሮውን (ቁልፉ ገብቶ የሚዞርበትን) ሙሉ ቤት ከነመሪ መቆለፊያው ልቀይር ገዝቻለሁ። የድሮው የተያዘባቸው ብሎኖች ግን ራስ የላቸውም፣ ልስልስ ክብ ናቸው። እንዴት ይወጣሉ?

መልስ፦ ብሎኖቹ ሆን ተብለው ነው እንዲህ የተሠሩት። ሲገጠሙ ባለ ስድስት ማዕዘን ራስ ነበራቸው፤ ልኩ ላይ ሲደርሱ ራሱ ተቆርጦ ይወድቃል፣ ሌባው የሚይዘው ነገር እንዳያገኝ። ለማውጣት ሁለት መንገድ አለ። ቦታው ከተመቸ በትንሽ መሮ ከብሎኑ ጠርዝ ላይ ጎድጎድ አበጅተው፣ በሚፈታበት አቅጣጫ በቀስታ እየነካኩ ያዙሩት። ካልሆነ መሐሉን በሹል ብረት ነካ አድርገው ምልክት ያድርጉበትና ወደ ግራ በሚቆርጥ የመሰርሰሪያ ምላስ ይቦርቡሩት፤ ብዙውን ጊዜ ምላሱ ራሱ ነክሶ ይዞት ይወጣል። ዘንጉን ግን አይምቱ። ከመጀመርዎ በፊት ባትሪው ተነቅሎ፣ ኤርባጉ ወጥቶ፣ ክሎክ ስፕሪንጉ በጨርቅ ተሸፍኖ ይሁን። የብረት ብናኝ እዚያ ውስጥ ከገባ ሽቦውን ቀስ በቀስ ይፍቀዋል።

ከሁሉ የምናሳስብዎ የአዲሱን አገጣጠም ነው። አዲሶቹን ብሎኖች መጀመሪያ በእጅ ብቻ ያጥብቁ፣ ራሳቸውን እንዳይቆርጡ። ከዚያ ይፈትሹ። ቁልፉን ነቅለው መሪውን ወደ ግራም ወደ ቀኝም ሲያዞሩ በግልጽ ጠቅ ብሎ መያዝ አለበት። ቁልፉን መልሰው ሲከፍቱ ምላሷ ሙሉ በሙሉ ገብታ መሪው ከጥግ እስከ ጥግ ያለ ምንም መፋተግ ይዙር። ጆሮዎን ወደ ቤቱ አስጠግተው ያዳምጡ፤ ትንሽ የመቧጨር ድምፅ ካለ ቤቱ ተዛንፏል ማለት ነው። በመንገድ ላይ የሚቆለፍ መሪ ከሚሰረቅ መኪና የከፋ ነው። ይህ ሁሉ ደህና ከሆነ ብቻ ራሳቸው እስኪቆረጥ ያጥብቁ።

ሲሊንደሩ ብቻ ከሆነ የተበላሸው ቤቱን ማውረድ ላያስፈልግ ይችላል። በብዙ መኪና ቁልፉን ሞተር ሳይነሳ ሬዲዮ በሚሠራበት ቦታ ላይ አድርገው በጎን ባለው ትንሽ ቀዳዳ ቀጭን ሽቦ ሲጫኑ ሲሊንደሩ ይሳባል። በቁልፉ ውስጥ ቺፕ ካለ ደግሞ አዲሱ ቁልፍ ከመኪናው ኢሞቢላይዘር (ባዕድ ቁልፍ ሞተሩን እንዳያስነሳ ከሚከለክለው ዕቃ) ጋር መተዋወቅ አለበት፤ ያለዚያ ሞተሩ አይነሳም፣ ወይም ተነስቶ ወዲያው ይጠፋል።

ጥያቄ፦ መሪ ላይ የሚታሰረው የብረት ዘንግ በዚህ የኮምፒውተር ዘመን ይጠቅማል? ከጠቀመስ የትኛውን ልግዛ፣ እንዴትስ ልሰረው?

መልስ፦ ይጠቅማል፤ እንዲያውም ከበፊቱ ይልቅ። ቁልፍ ሳያስገቡ የሚነሱ መኪናዎችን ሌቦች የቁልፉን ሲግናል ከሩቅ አስተላልፈው ይከፍታሉ፣ ያስነሳሉም። ያ መሣሪያ ግን ብረት መፍታት አይችልም። እ.ኤ.አ. በ2022 እና 2023 በአሜሪካ ኢሞቢላይዘር የሌላቸው የኪያና የሂዩንዳይ መኪናዎች በብዛት በተሰረቁ ጊዜ አምራቾቹ በፖሊስ በኩል ለባለቤቶች ያደሉት ይህንኑ የመሪ ቁልፍ ነው።

ድክመቱን ግን ይወቁት። ሌባ ዘንጉን አይቆርጥም፣ መሪውን ይቆርጣል። የመሪው ክብ ከላይ ቆዳ፣ ከሥር ስፖንጅ፣ መሐሉ ላይ ቀጭን ብረት ወይም ቀላል ብረት ብቻ ነው። በብረት መጋዝ አንድ ቦታ ከተቆረጠ ክቡ ይለጠጥና ዘንጉ በክፍተቱ ይወጣል። ስለዚህ መንጠቆዎቹን ክቡ ከመሐሉ ክንድ ጋር በሚገናኝበት ወፍራም ቦታ አጠገብ ያሳርፉ። ዘንጉን እስኪጠብቅ ድረስ ይዘርጉት፤ ከታሰረ በኋላ ሲያንቀጠቅጡት ከተንኳኳ ላልቷል። ረጅሙ ጭራ መሪው ትንሽ ሲዞር ከበሩ ወይም ከፊት መስታወቱ ምሰሶ ጋር እንዲጋጭ ያዙሩት። የቁልፉ ቀዳዳ ወደ ዳሽቦርዱ ይዙር፣ መሰርሰሪያ እንዳይደርሰው። ጎማውንም ጠምዝዘው ያቁሙ።

ሲገዙ ሁለት ነገር ይሞክሩ። ዘንጉን በማይታይ ቦታ በሞረድ ፋቅ ያድርጉት፤ ሞረዱ ከተንሸራተተ ብረቱ ጠንካራ ነው፣ ከነከሰ ለስላሳ ነው። ሁለተኛ ቁልፉን ይዩ፤ በአንድ ጎኑ ብቻ ጥቂት ጥርስ ያለው ስስ ቁልፍ በቀላሉ ይከፈታል። ገጹ ላይ ጉድጓዶች የተቆፈሩበት ይሻላል። መሪውን ሙሉ የሚሸፍነው ሰሃን መሳይ ዓይነት ክቡን ለመቁረጥ ቦታ ስለማይሰጥ እኛ እሱን እናስቀድማለን፤ ከባድና ቦታ የሚይዝ ነው፣ ከመግዛትዎ በፊት የመሪዎን ስፋት ከጠርዝ ጠርዝ ይለኩ። መሪን ከፍሬን ፔዳል ጋር የሚያያይዘው መንጠቆ ደግሞ ፔዳሉ በጠንካራ ብረት የተሠራ ሲሆን ብቻ ይረባል።

ጥያቄ፦ ለምን መሪውን ነቅዬ ይዤው አልሄድም? በአንድ ጊዜ የሚለቅ ማያያዣ አይቻለሁ።

መልስ፦ ኤርባግ ላለው መኪና አንመክርም። ማያያዣው ሲገባ የፋብሪካው መሪ ከነኤርባጉ ይወጣል፤ መብራቱ እንዳይበራ በቦታው ሬዚስተር የሚያስገቡ አሉ። መብራቱ ጠፋ እንጂ ኤርባጉ የለም፤ ቀጣዩ ገዢም አያውቅም። ማያያዣው ሲያረጅ ጨዋታ ያመጣል፣ በትክክል ጠቅ ሳይል የተገጠመ መሪ ደግሞ በመንገድ ላይ በእጅ ይቀራል። ኤርባግ በሌለው የቆየ መኪና ካደረጉትም በእያንዳንዱ ጊዜ ከመንዳትዎ በፊት በሙሉ ጉልበትዎ ወደራስዎ ይሳቡት።

ጥያቄ፦ ከዳሽቦርዱ ሥር ዘንጉ ላይ የሚታሰር ቋሚ ቁልፍ ሊገጥሙልኝ ነው። ምን ልጠይቃቸው?

መልስ፦ ሁለት ግማሽ ብረቶች ዘንጉን አቅፈው በራሳቸው በሚቆረጥ ብሎን ይታሰራሉ፤ ሲቆልፉ ወፍራም ፒን ይገባና ዘንጉ ከመኪናው አካል ጋር ይጋጫል። ሌባ መሪውን ቢቆርጥም አይጠቅመውም። ጥሩ መከላከያ ነው።

ለመኪናዎ ሞዴል የተሠራ መሆኑን ይጠይቁ። ዘንጉ ላይ መቦርቦርም ብየዳም አይፍቀዱ። ብረቱ የሚታሰረው ጠንካራው የዘንግ ክፍል ላይ እንጂ በግጭት በሚታጠፈው ክፍል ላይ መሆን የለበትም፤ ከክሮቸራውም (ዘንጉ ከሚታጠፍበት መገጣጠሚያ) መራቅ አለበት። መሪዎ ከፍና ዝቅ፣ ወደፊትና ወደኋላ የሚል ከሆነ በእያንዳንዱ ቦታ ላይ አድርገው ከጥግ እስከ ጥግ ያዙሩት፤ የትም ቦታ ሽቦ፣ ምንጣፍ ወይም ፔዳል መንካት የለበትም። እግርዎን በእያንዳንዱ ፔዳል ላይ አሳርፈው ጫማዎን የሚይዝ ነገር ካለ ይመልከቱ። ከአንድ ሳምንት በኋላ በባትሪ መብራት አጎንብሰው ይዩት፤ ብረቱ ከነበረበት ፈቀቅ ካለ አልተያዘም።

ጥያቄ፦ መሪው ላይ የማስረው የብረት ዘንግ ቁልፉ እየደረቀ ነው፤ ዘይት ላድርግበት?

መልስ፦ ዘይት አቧራ ይሰበስባልና አይሆንም። የግራፋይት ዱቄት ጥቂት ነፍተው ቁልፉን አሥር ጊዜ ያህል ያስገቡ፣ ያውጡ። ቁልፉ ላይ የተቀረጸውን ቁጥር ጽፈው ከመኪናው ውጭ ያስቀምጡ፤ ከጠፋብዎ ያለ ቁጥር ማስቀረጽ አስቸጋሪ ነው። ዘንጉን ሲፈቱም በሾፌሩ እግር ሥር አይጣሉት፤ ቁልቁለት ላይ ተንከባሎ ከፍሬን ፔዳሉ ጀርባ ይገባል። ከኋላ ወንበር ሥር ወይም በዕቃ መጫኛው ውስጥ አድርገው እንዳይንቀሳቀስ ይሰሩት።